በጊዜ ላይ የሚያዝ አስማታዊ ምልክት፦ ለምናባዊ ዓለማችሁ የቱ ይሻላል?

የራሳችሁን ዓለም እየፈጠራችሁ ነው እንበል። ለልብ ወለድም ይሁን ለጌም። ካርታው ተሥሏል። ነገሥታቱ ተጣልተዋል። አሁን ደግሞ አንዱ ገጸ ባሕርይ በጊዜ ላይ እንዲያዝ ፈለጋችሁ። ድንጋይ ላይ ምልክት ይሥላል፣ ምልክቱ ያበራል፣ ጊዜ ቀጥ ይላል። እስከዚህ ድረስ ሁሉም ደስ ይላል።

ጣጣው የሚመጣው ከሦስት ምዕራፍ በኋላ ነው። የጀግናው ወንድም ይሞታል። አንባቢው ወዲያው «ታዲያ ያንን ምልክት ለምን አይሥልም?» ይላል። መልስ ከሌላችሁ ታሪኩ እዚያው ፉርሽ ሆነ። ብዙ ጸሐፊ በዚህ ሰዓት ሰበብ ፍለጋ ይገባል። ደክሞታል፣ ቀለሙ አልቋል፣ ጨረቃዋ አልወጣችም ይላል። አንባቢ ግን ሰበብንና ሕግን መለየት ያውቅበታል።

ስለዚህ ምልክቱን በሚሠራው ሥራ ሳይሆን በሚበላሽበት መንገድ ምረጡ እላለሁ። ጊዜን የሚያቆም ምልክት ማንም ይፈጥራል። ምልክቱ ግማሹ ሲፋቅ፣ ተጣሞ ሲሣል ወይም የማይገባው ሰው እጅ ሲገባ ምን እንደሚከተል የሚያውቅ ጸሐፊ ግን የሴራው ግማሽ ተሠርቶለታል። ደግነቱ ቅርጹ ራሱ ብዙ ይነግራችኋል። ክብ የሚበላሸው ሲከፈት ነው። ቋጠሮ የሚበላሸው ሲፈታ ነው። ጽሑፍ ደግሞ ፊደል ሲሳሳት።

መለኪያዎቹ

የመጀመሪያው ብልሽት ነው፤ ምክንያቱን ተናግሬያለሁ። ጥያቄው አንድ ነው፦ አንባቢው ቅርጹን ብቻ አይቶ ምን ሊሰናከል እንደሚችል ይገምታል ወይ?

ሁለተኛው ዋጋ ነው። ለአንዱ አንድ ሰዓት ከተጨመረለት ከማን ላይ ተቀነሰ? ዋጋው ምልክቱ ላይ በዓይን የሚታይ ከሆነ ሁለት ገጽ ማብራሪያ ከመጻፍ ትገላገላላችሁ።

ሦስተኛው የሥራው ዓይነት ነው። «የጊዜ አስማት» ሲባል አንድ ነገር ይመስላል እንጂ ቢያንስ አምስት ነው። ማቆም አለ። ማዘግየትና ማፍጠን አለ። ወደ ኋላ መመለስ አለ። መደጋገም አለ። የሚመጣውን ማየት አለ። ከእነዚህ ወደ ኋላ መመለስ ብቻውን ከሌሎቹ አራቱ የባሰ ራስ ምታት ነው። ሰውየው ተመልሶ ሄዶ አያቱን በልጅነታቸው ቢገድላቸውስ? እሱ ራሱ ከየት መጣ? ይህን የታወቀ እንቆቅልሽ ጸሐፊዎች በሦስት መንገድ ያልፉታል። ወይ የሆነው ሁሉ አስቀድሞ የሆነ ነው፣ ምንም አይለወጥም። ወይ ታሪክ ቅርንጫፍ ያወጣል። ወይ ደግሞ አዲሱ አሮጌውን ይደመስሰዋል። ምልክት ከመምረጣችሁ በፊት ከሦስቱ አንዱን ቁረጡ። እዚህ ላይ ካመነታችሁ የትኛውም ምልክት አያድናችሁም።

አራተኛው ልፋት ነው። ልብ ወለድ ውስጥ ሥዕል የለም። አንባቢው ምልክቱን ከአንድ ዓረፍተ ነገር ማየት አለበት። ጌም ከሆነ ደግሞ ተጫዋቹ በሁለት ሦስት ጭረት ሊሥለው ይገባል። እግረ መንገዴን አንድ ማሳሰቢያ ላክል። በእኛ ፊደል የምትጽፉ ከሆነ ምልክታችሁ ከፊደላችን ጋር እንዳይምታታ ተጠንቀቁ። የማያልቅ ቁጥር ምልክት የሆነው ∞ በእጅ ሲጻፍ «ወ» ይመስላል። ባዶ ክብም «ዐ» ነው። አስፈሪው ምልክት ግድግዳው ላይ ሲያበራ አንባቢው «ወ» ብሎ ካነበበው ድባቡ ጠፋ።

አምስተኛው ሸክም ነው። ከገሃዱ ዓለም የተወሰደ ምልክት ከነታሪኩ ይመጣል። አንዳንዴ ይጠቅማል፣ አንዳንዴ አፋችሁን ሳትከፍቱ አንባቢው መጨረሻውን ያውቀዋል።

ጭራዋን የነከሰች እባብ

ከሁሉም የተለመደችው ይቺ ናት። ከሚታወቁት ጥንታዊ ሥዕሎቿ አንዱ የተገኘው በግብፁ ንጉሥ በቱታንክሃሙን መቃብር ውስጥ፣ የሬሳ ሣጥኑን ከከበቡት በወርቅ የተለበጡ ማደሪያዎች በአንዱ ላይ ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት 14ኛው ክፍለ ዘመን መሆኑ ነው። በኋላ በግሪክኛ የሚጽፉ አልኬሚስቶች (ተራ ብረትን ወርቅ ለማድረግ የሚሞክሩት) ተቀበሏት፤ ከእነሱ ወዲህ ያልተጠቀመባት የለም። ስለዚህ ሸክሟ ከባድ ነው። አንባቢ ገና ሲያያት «ማለቂያ የለውም» ብሎ ደምድሟል።

የምትመቸው ለአንድ ሥራ ብቻ ነው፣ ለመደጋገም። አንድ ቀን እየተመለሰ የሚመጣበት ታሪክ ካላችሁ ውሰዷት። ለሌላ አትሆንም።

ብልሽቷ ግን ጥሩ ነው። አፏና ጭራዋ የሚገናኙበት ቦታ ስፌት ነው። ሌሊቱ ከንጋቱ ጋር የሚሰፋው እዚያ ላይ ነው፤ መውጫ ካለም እዚያ ነው። ሌላ ቦታ ላይ ቢፋቅስ? ክቡን እንደ ቀን ቁጠሩት። እኩለ ቀን በሚሆንበት ቦታ አንድ ሰው በቢላ ቢፍቀው ከዚያ ወዲያ ያ ቀን እኩለ ቀን የለውም። ሰው ሁሉ ከረፋድ ወደ ከሰዓት ይዘላል። ማንም ምሳ አልበላም፤ ሁሉም ይርበዋል፤ ለምን እንደራበው የሚያውቅ የለም። ከአንዲት ጭረት ይህን ያህል ካገኛችሁ መጥፎ አይደለም።

ድክመቷ ዋጋ ላይ ነው። ተራ ክብ አያንስም፣ አይጨምርም፤ ማንንም አያስከፍልም። ለዚህ ነው ከተራ ክብ ይልቅ እባቧን የምመርጠው። እባቧ ራሷን እየበላች ነው። ስለዚህ በየዙሩ ትንሽ እንድታንስ አድርጉ። የመጀመሪያው ዙር 24 ሰዓት፣ ቀጥሎ 23፣ እያለ ይወርዳል። አሁን ታሪኩ ማለቂያ አገኘ። ገጸ ባሕርዩም መቸኮል ጀመረ።

የአሸዋ ሰዓት

ሁለት ሦስት ማዕዘን ጫፍ ለጫፍ። አለቀ። ለመሣልም ሆነ ለመግለጽ ከዚህ የሚቀል የለም። በእርግጠኝነት የሚታወቀው የመጀመሪያ ሥዕሉ ጣሊያን፣ ሲዬና ከተማ ውስጥ ሠዓሊው አምብሮጆ ሎሬንዜቲ እ.ኤ.አ. በ1338 ግድግዳ ላይ የሣለው ነው። ስለዚህ ዕድሜው የሚመስለውን ያህል አይደለም። ዓለማችሁ መስታወት መንፋት የማያውቅ ከሆነ አንባቢው ቅር ይለዋል።

ዋጋን በማሳየት የሚስተካከለው የለም። ከላይ የሌለ ከታች አይመጣም። ላይኛው ሦስት ማዕዘን ውስጥ የአንድ ሰው ስም ይጻፋል፣ ታችኛው ውስጥ የሌላ። የአንዱ ዕድሜ ወደ ሌላው ይፈስሳል። ማብራሪያ አያስፈልገውም፤ ሕፃን እንኳን ይገባዋል።

ስለ አሸዋ አንድ ነገር ማወቅ ይጠቅማል። የውኃ ሰዓት ውስጥ ውኃው እየጎደለ ሲሄድ ፍሰቱ ይዳከማል። ግብፆች ይህን ለማካካስ የዕቃውን ጎን ሰያፍ ያደርጉት ነበር። አሸዋ ግን እንዲህ አያደርግም። ከላይ ብዙም ይኑር ትንሽ፣ ፍጥነቱ ያው ነው ማለት ይቻላል። ለአስማታችሁ ይህ ግሩም ነው። ዕድሜው የሚፈስሰው ሰው መዳከሙ አይታወቀውም። የመጨረሻዋ ፍሬ እስክትወርድ ደህና ነው። ከዚያ በቃ።

ብልሽቱም አንድ አይደለም። አንገቱ ቢደፈን ጊዜ ይቆማል። አንገቱ ቢሰፋ ጊዜ ይጋልባል። ጎኑ ቢሰነጠቅ ጊዜው ይፈስሳል፣ ግን ለማንም አይደርስም፤ ባክኖ ይቀራል። ሦስቱንም አንባቢ ከቅርጹ ይገምታቸዋል። ማጭበርበርም ይቻላል። በድሮ መርከቦች ላይ ጊዜ የሚለካው በየግማሽ ሰዓቱ በሚገለበጥ የአሸዋ ሰዓት ነበር። ተረኞቹ ልጆች ሳያልቅ እየገለበጡ ተራቸውን ያሳጥሩ ነበር ይባላል። ይህን ወደ ዓለማችሁ ውሰዱት። ዕድሜውን የሸጠ ሰው ሳያልቅ ቢገለብጠውስ?

መገልበጥ ሲነሳ አብዛኛው ሰው «ገልብጦ ጊዜን ወደ ኋላ መመለስ ነዋ!» ይላል። ቆይ። የወረደ አሸዋ ሲገለበጥ ፍሬዎቹ በመጡበት ቅደም ተከተል አይመለሱም፤ ተደባልቀዋል። ስለዚህ ምልክቱን የገለበጠ ሰው ያንኑ ሰዓት ያገኛል፣ ቅደም ተከተሉ ግን ይዘበራረቃል። መልሱ ከጥያቄው ቀድሞ ይመጣል። ደብዳቤው ሳይጻፍ ይደርሳል። ይህን መቆጣጠር ከቻላችሁ ግሩም ትዕይንት ነው። ካልቻላችሁ መገልበጥን ከልክሉ።

ሸክሙ? አውሮፓ ውስጥ የመቃብር ድንጋይ ላይ ከራስ ቅል ጋር ይቀረጽ ስለነበር ሞትን ያስታውሳል። የኮምፒውተር ተጠቃሚዎችን ደግሞ መጠበቅን ያስታውሳል። ሁለተኛው ለአስፈሪ ታሪክ ጥሩ አይደለም።

ጠመዝማዛ

ይህን በአጭሩ ልለፈው፤ መልካሙም መጥፎውም ጥቂት ነውና። አየርላንድ ውስጥ ኒውግሬንጅ በተባለው፣ ከክርስቶስ ልደት በፊት 3200 አካባቢ በተሠራው መቃብር ላይ ሦስት የተያያዙ ጠመዝማዞች ተቀርጸዋል። ሌሊቱ በሚረዝምበት ወቅት የንጋት ፀሐይ ወደ ውስጠኛው ክፍል ገብታ 17 ደቂቃ ያህል ታበራለች። ጠመዝማዞቹ ምን ማለት እንደሆኑ ግን የሚያውቅ የለም። ለእናንተ ይህ ስጦታ ነው። ሸክም የለውም፣ ትርጉሙን እናንተ ትሞሉታላችሁ።

የሚሆነው ለማዘግየትና ለማፍጠን ነው። ዳር ላይ ጊዜ ይፈጥናል፣ መሐሉ ላይ ይዘገያል። አንባቢም አይጠራጠርም፤ እውነተኛው ዓለምም እንዲህ ነውና፤ ከመሬት ስበት የራቀ ሰዓት ይፈጥናል። የጂፒኤስ ሳተላይቶች ሰዓት መሬት ካለው ሰዓት በቀን 38 ማይክሮ ሰከንድ ያህል ይቀድማል፤ መሐንዲሶች አስቀድመው ያስተካክሉታል። ዋጋውም ግልጽ ነው። መሐሉ ላይ የቆየ ሰው ሲወጣ ጓደኞቹ አርጅተዋል።

ብልሽቱ የሚመጣው መስመሩን ተከትሎ ያልሄደ ሰው ሲኖር ነው። አቋርጦ የዘለለ ሰው አንድ እግሩ በዛሬ፣ አንድ እግሩ በትናንት ይቀራል። ይህ ለኮሚክስ ግሩም ነው። ለልብ ወለድ ግን አንድ የሚያናድድ ነገር አለው። ወደ ቀኝ ነው ወደ ግራ የሚጠመዘዘው? በጽሑፍ ስትገልጹት አንባቢ ይረሳዋል። የሽፋኑ ሠዓሊም ገልብጦ ይሥለዋል። አቅጣጫው በሴራው ውስጥ ወሳኝ እንዳይሆን አድርጉ።

ቋጠሮ

የእኔ ምርጫ ይህ ነው። ስለዚህ ትንሽ ካዳላሁ ይቅርታ።

ቋጠሮ አይሣልም፣ ይታሠራል። አንገት ላይ ይንጠለጠላል፣ ኪስ ውስጥ ይደበቃል፣ ይሰረቃል፣ በጨለማ ይፈታል። ግድግዳ ላይ የተሣለ ምልክት ይህን ሁሉ አይችልም። የሚሆነው ለማቆም ነው።

ማቆምን ስናነሳ አንድ ነገር መጋፈጥ አለብን። ዓለሙ በሙሉ ከቆመ ብርሃንም ቆሟል፤ ጀግናው ምንም አያይም። አየሩም ቆሟል፤ መተንፈስ ቀርቶ አንድ እርምጃ መራመድ አይችልም፣ ዙሪያው ድንጋይ ሆኖበታል። «ጊዜ የሰጠው ቅል ድንጋይ ይሰብራል» ቢባልም ይህኛው ቅል እዚያው ተቀርቅሮ ይቀራል። አብዛኛው ታሪክ ይህን ዝም ብሎ ያልፈዋል፤ አንባቢም ምንም አይልም። ቋጠሮ ግን መፍትሔውን ይዞ ይመጣል። የሚቆመው ገመዱ የከበበው ነገር ብቻ ነው። ሻማ ዙሪያ ብታሥሩት ሻማው ይቆማል። ከቁስል በላይ ብታሥሩት ደሙ ይቆማል። ከተማ ለማቆም ከተማን የሚከብብ ገመድ ያስፈልጋል። ኃይሉም ወሰኑም አንድ ነገር ሆነ፤ ወሰኑ የገመዱ ርዝመት ነው።

መጠኑን ለመወሰን ደግሞ ከደቡብ አሜሪካ ጥንታዊ ሕዝብ ከኢንካዎች መበደር ትችላላችሁ። ኪፑ በተባሉት የገመድ መዝገቦቻቸው ላይ ቁጥር የሚያዘው በቋጠሮ ነበር። አንድ፣ አሥር፣ መቶ እያለ በገመዱ ላይ ቦታ ቦታ አለው። በአንዶች ቤት ውስጥ ከሁለት እስከ ዘጠኝ ያለው የሚያዘው በረጅም ቋጠሮ ነው፤ የጥምዙ ብዛት ቁጥሩን ይናገራል። አንድ ለብቻው ሌላ ዓይነት ቋጠሮ አለው። ባዶ ቦታ ዜሮ ነው። ቅርጹን ሳይሆን ሐሳቡን ውሰዱ፦ ጥምዙ የተያዘውን ሰዓት ይቆጥራል።

አሁን ይህን አስቡ። ሌባዋ ጨለማ ክፍል ውስጥ ናት። ሣጥኑን የከበበውን ገመድ በጣቷ ትዳስሳለች። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት ጥምዝ። አራት ሰዓት ተይዟል። ጣቷን ወደ ላይ ታሳልፋለች። በአሥር ቤት ባዶ መሆን የነበረበት ቦታ ላይ ሌላ ቋጠሮ አለ፤ ሁለት ጥምዝ። አራት ሳይሆን ሃያ አራት ሰዓት ነው። እጇን ቀስ አድርጋ ታነሳለች። አንባቢው ሕጉን ከዚህ በፊት አንዴ ካየ እዚህ ጋ ትንፋሹን ይይዛል፤ እናንተ አንድም ቃል ማብራራት አይጠበቅባችሁም።

እጇን ያነሳችው በዋጋው ምክንያት ነው። የተያዘ ጊዜ አይጠፋም፤ ሲፈታ ሁሉም ባንዴ ይወጣል። አራት ሰዓት የተያዘ ሻማ ሲፈታ በአንድ ብልጭታ ነድዶ ያልቃል። ታሥሮ የቆየ ቁስል የሰዓታቱን ደም በአንዴ ያፈስሳል። ወንድሙን ለማዳን የቋጠረ ሰው ያተረፈው ጊዜ ነው እንጂ ሕይወት አይደለም። ሐኪም ፍለጋ መሮጥ አለበት። «ለምን አይጠቀምበትም?» ለሚለው ጥያቄ መልሱ ይኸው።

ብልሽቱ ሦስት ዓይነት ነው። ቋጠሮው ሊላላ ይችላል። ገመዱ ሊበጠስ ይችላል። ሦስተኛው የሚብሰው ነው፤ ሲጎተት ጠብቆ የማይፈታ ይሆናል። ድክመት? በቅርጽ ደረጃ ውበት የለውም። ሽፋን ላይ ሲሣል የተወሳሰበ ክር ይመስላል። ወደ ኋላ ለመመለስም አይሆንም።

የተያያዙ መንኮራኩሮች

ጥርስ በጥርስ የተያያዙ ሁለት ወይም ሦስት ክቦች። የመካከለኛው አሜሪካ ጥንታዊ ሕዝብ የሆኑት የማያዎች ዘመን አቆጣጠር ጥሩ መነሻ ነው። 260 ቀን ያለው አንድ ዑደት አለ፣ 365 ቀን ያለው ሌላ። ሁለቱ እንደገና በአንድ መነሻ ቀን የሚገናኙት በ18,980 ቀን አንዴ ነው፤ በእነሱ ስሌት 52 ዓመት። ነገሩ በነሐስም ተሠርቷል። እ.ኤ.አ. በ1901 ከግሪክ አንቲኪቴራ ደሴት አጠገብ ከሰጠመ መርከብ የወጣው መሣሪያ ከ2,000 ዓመት በላይ ዕድሜ አለው። 30 ጥርሳም መንኮራኩሮቹ ተርፈዋል። የፀሐይና የጨረቃ ግርዶሽ ሳይቀር ያሰላ ነበር።

ምልክቱ የሚጠቅመው ለሁለት ነገር ነው፤ የሚመጣውን ለማየትና አልፎ አልፎ ብቻ ለሚከፈት በር። «ዛሬ ለምን አይከፈትም?» ሲባል መልሱ መንኮራኩሮቹ ላይ ተጽፏል። ሰበብ አይደለም፣ ሒሳብ ነው።

ቁጥር ስትመርጡ የጋራ አካፋይ የሌላቸውን ውሰዱ። የ8 እና የ12 መንኮራኩሮች በ24 ይገናኛሉ። የ7 እና የ11 ግን 77 ድረስ አይገናኙም። 260 እና 365 እንኳን ሁለቱም ለ5 ስለሚካፈሉ ነው እንጂ መገናኛቸው 94,900 ቀን ይሆን ነበር። ሒሳቡን ከመጻፋችሁ በፊት ሥሩት። ካልኩሌተር ይዞ የሚቀመጥ አንባቢ ሁልጊዜ አይጠፋም።

ብልሽቱ ዝግተኛ ነው። አንድ ጥርስ ቢሰበር ዛሬ ምንም አይታይም። ስሕተቱ በየዙሩ ይጠራቀማል። በሩ በተሳሳተ ቀን የሚከፈተው በልጅ ልጅ ዘመን ነው። ለተከታታይ መጻሕፍት እንዲህ ያለ ብልሽት ተፈልጎ አይገኝም። ለአጭር ልብ ወለድ ግን ከንቱ ነው።

የተጻፈ ትእዛዝ

የመጨረሻው አንድ ቅርጽ ሳይሆን ፊደል ነው። አብዛኛው ሰው የሚነሳው ከሰሜን አውሮፓ ጥንታዊ ፊደሎች፣ ከሩኖች ነው። የጥንቱ 24 ፊደል ነበረው። ከስማቸው አንዱ «ዓመት» ወይም «መልካም መኸር»፣ ሌላው «ቀን» ማለት ነው። ቅርጻቸው ማዕዘን ማዕዘን የሆነው እንጨት ላይ ለመቅረጽ እንዲመች ነው ይባላል። ይህ ለእናንተም ትምህርት ነው። በምን ላይ እንደሚጻፍ ሳትወስኑ ፊደል አትሣሉ። ድንጋይ፣ ቆዳና አሸዋ የተለያየ ፊደል ይወልዳሉ።

ሥራው ስፋት አለው፤ ሁሉንም ይችላል። አደጋውም ይኸው ነው። ሁሉን የሚችል ምልክት ያለ ወሰን ነው፤ ወሰኑ ሊመጣ የሚችለው ከሰዋስው ብቻ ነው። ብልሽቱ ግን ከስድስቱ ሁሉ ይበልጣል። በመካከለኛው ዘመን ከተጻፉት የአይስላንድ ተረኮች በአንዱ ውስጥ ያልተማረ ሰው ልጅት ለመፈወስ ብሎ አጥንት ላይ ሩን ይቀርጻል። ተሳስቶ ስለጻፈ ሕመሟ ይብስባታል። የሚያውቅ ሰው መጥቶ አጥንቱን ይፍቃል፣ ያቃጥለዋል፣ በትክክል ጽፎ ትራሷ ሥር ያኖረዋል፤ ትድናለች። በጊዜ አስማት ላይ እንዲህ ያለ ስሕተት ምን ሊያደርግ እንደሚችል ገምቱት።

የእኔ ምክር ከአምስት ወይም ከስድስት ምልክት አትለፉ ነው። የማን ጊዜ፣ ምን ይሁን፣ ምን ያህል፣ ከመቼ፣ እና መዝጊያ። መዝጊያው ወሳኝ ነው። አራት ነጥብ የሌለው ትእዛዝ አያቆምም። ጸሐፊው ሳይዘጋው ቢሞት ትእዛዙ መሥራቱን ይቀጥላል።

ሌላ ወጥመድ ደግሞ አለ። «ነገ ይፈታል» ብሎ ግድግዳ ላይ የጻፈ አስማተኛ እስረኛውን ለዘላለም አሠረው። ትእዛዙ በየጠዋቱ እንደ አዲስ ይነበባል፤ ነገ ሁልጊዜ ነገ ነው። ሆን ብሎ ከሆነ ጭካኔ ነው፣ ሳያስብ ከሆነ ደግሞ ሴራ ነው።

ልፋቱን አትናቁት። ፊደሉን መፍጠር፣ ሕጉን መጻፍ፣ አንዴ የተጻፈውን ሁሉ መዝግቦ መያዝ ይጠይቃል። በአንደኛው መጽሐፍ የተጠቀማችሁበትን ምልክት በሦስተኛው በሌላ ትርጉም ብታመጡት አንባቢ አይምራችሁም።

ሁሉም በአንድ ላይ

| ምልክት | የሚመቸው ሥራ | የሚበላሸው | ዋጋው ይታያል? | ልፋት | ሸክም |
|---|---|---|---|---|---|
| ጭራዋን የነከሰች እባብ | መደጋገም | ሲፋቅ፣ ስፌቱ ሲከፈት | በየዙሩ ካነሰች ብቻ | ትንሽ | ከባድ |
| የአሸዋ ሰዓት | ጊዜ ከሰው ወደ ሰው ማስተላለፍ | ሲደፈን፣ ሲሰፋ፣ ሲሰነጠቅ | በጣም | በጣም ትንሽ | መካከለኛ |
| ጠመዝማዛ | ማዘግየት፣ ማፍጠን | አቋርጦ ሲዘለል | አዎ፣ በዕድሜ | ትንሽ | ቀላል |
| ቋጠሮ | ማቆም | ሲላላ፣ ሲበጠስ፣ ሲጠብቅ | በጣም፣ ሲፈታ | መካከለኛ | ቀላል |
| መንኮራኩሮች | ማየት፣ አልፎ አልፎ መክፈት | ጥርስ ሲሰበር፣ ቀስ ብሎ | በመጠበቅ | ከፍተኛ፣ ሒሳብ አለው | መካከለኛ |
| የተጻፈ ትእዛዝ | ሁሉም | ሲሳሳት፣ ሳይዘጋ ሲቀር | ሕጉን እናንተ ካወጣችሁ | በጣም ከፍተኛ | መካከለኛ |

ሰንጠረዡ ውስጥ ወደ ኋላ መመለስ በአንዱም ፊት ለፊት እንዳልተጻፈ ልብ በሉ። ረስቼው አይደለም። የግድ ካስፈለጋችሁ የአሸዋውን ሰዓት ገልብጡ ወይም በጽሑፍ አዝዙ። ሌሎቹ ላይ በግድ ከጫናችሁት ቅርጹ ይቃወማል።

ለማን የቱ ይሻላል?

አጭር ልብ ወለድ ከሆነ ገጽ የላችሁም፤ ሕግ የምታብራሩበት ቦታ የለም። የአሸዋ ሰዓት ውሰዱ። አንድ ብልሽት ብቻ ምረጡና በዚያ ጨርሱ። ሦስቱንም ለማሳየት ከሞከራችሁ ይጣበባል።

ለአንድ ወጥ ረጅም ልብ ወለድ ቋጠሮ። የስርቆት፣ የማሳደድ ወይም የሕክምና ታሪክ ከሆነ እንዲያውም ሌላ አትፈልጉ። ስለ ውርስ፣ ስለ ወላጅና ልጅ፣ ስለ ዕድሜ ከሆነ ግን የአሸዋ ሰዓት ይበልጠዋል።

ለተከታታይ መጻሕፍት መንኮራኩሮች። የተጻፈ ትእዛዝም ይሆናል፣ ግን መዝገብ የመያዝ ትዕግሥት ላለው ሰው ብቻ። ትዕግሥቱ ከሌላችሁ ራሳችሁን አትሸውዱ።

ጠረጴዛ ላይ ለሚጫወት ጌም ቋጠሮና የአሸዋ ሰዓት ይመቻሉ፤ ሁለቱም በእጅ ይያዛሉ። ተጫዋቹ እውነተኛ ክር ይቋጥራል፣ እውነተኛ አሸዋ ሲወርድ ያያል። የተጻፈ ትእዛዝ ለጌም አልመክርም። ተጫዋቾች ቀዳዳ ፈልገው በመጀመሪያው ምሽት ሕጉን ያፈርሱታል። ይህ ደስ የሚላችሁ ከሆነ ግን ይቅናችሁ።

ለኮሚክስና ለቪዲዮ ጌም ጠመዝማዛና እባቧ። ዓይን ይይዛሉ፣ ይንቀሳቀሳሉ።

ሁለት ምልክት ማጣመር ይቻላል። ሦስት ግን አይሞከርም። ሲጣመሩ አንዱ ሥራውን ይሥራ፣ ሌላው ይገድበው። ለምሳሌ መንኮራኩሮቹ መቼ እንደሚቻል ይወስናሉ፣ ቋጠሮው ምን ያህል እንደሚያዝ። ሁለቱም ኃይል የሚሰጡ ከሆነ ግን ጀግናችሁን የሚያቆመው ነገር አይኖርም።

ከመወሰናችሁ በፊት ይህን ሞክሩ። ምልክቱን በአንድ ዓረፍተ ነገር ጻፉና ታሪኩን ለማያውቅ ሰው ስጡት። ይሣለው። ከዚያ የሣለውን አንዱን ጎን በላጲስ አጥፉና «አሁን ምን የሚሆን ይመስልሃል?» በሉት። ከሦስት ሰዎች ሁለቱ ተቀራራቢ ነገር ካሉ ምልክቱ ይሠራል። ሦስቱም የተለያየ ነገር ካሉ ማብራሪያ አትጨምሩ፤ ቅርጹን ቀይሩት።